የመርሲፉል ፌት ሸክላዎች፤ በአንድ የዴንማርክ የሄቪ ሜታል ቡድን ሥራ ላይ የተደረገ አጭር ጥናት

መግቢያ

የአንድን የሙዚቃ ቡድን ሥራ ለመመርመር የሚነሣ ተማሪ በመጀመሪያ የሚገጥመው ጥያቄ ምርመራው በምን ላይ ይመሥረት የሚል ነው። ቡድኑ በመድረክ ላይ ያሳየው ነገር ከዕለቱ ጋራ ያልፋል፤ ሰዎች ስለ ቡድኑ የሚያወሩትም እንደ ተናጋሪው ይለያያል። በሸክላ የተቀረጸው ግን ዛሬም ለሚሰማው ሁሉ ያው ነው። ስለዚህ የዚህ ጽሑፍ መሠረት ሸክላዎቹ ናቸው።

ለዚህ የተመረጠው መርሲፉል ፌት የተባለው የዴንማርክ ቡድን ነው፤ የስሙ ፍች «ምሕረት ያለበት ዕጣ» እንደ ማለት ነው። ቡድኑ በመጀመሪያ ዘመኑ ያሳተመው አራት ዘፈን የያዘ አንድ አነስተኛ ሸክላና ሁለት አልበሞች ብቻ ነው። ነገር ግን እነዚህ ጥቂት ሸክላዎች ከእርሱ በኋላ ለተነሡት ለብዙዎች የስልቱ ቡድኖች መማሪያ ሆነዋል፤ በሌላ በኩል ደግሞ ስለ ሰይጣንና ስለ ጥንቆላ በሚናገሩት ግጥሞቹ ምክንያት ከባድ ነቀፌታ ደርሶበታል። እንግዲህ እንዲህ ያለው ሥራ በግጥሙ ይመዘን ወይስ በዜማው? ከዚህ በታች የሚቀርበው ሐተታ ይህን ጥያቄ ለመመለስ ይሞክራል። የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው፤ የዘፈኖቹም ስሞች በትርጕማቸው ተጽፈዋል።

የቡድኑ አመሠራረት

ሄቪ ሜታል የሚባለው ሙዚቃ በ1970 ገደማ በእንግሊዝ አገር የተነሣ ነው። የኤሌክትሪክ ጊታር ድምፅ በማጉያ እስኪሻክር ድረስ ከፍ ይደረጋል፤ ባስ ጊታርና ድራም በኃይል ያጅቡታል። በ1980 ገደማ በእንግሊዝ ብዙ አዳዲስ ቡድኖች ባንድ ጊዜ ብቅ ስላሉ ስልቱ በሌሎች የአውሮፓ አገሮችም ወጣቶች ዘንድ ተስፋፋ።

መርሲፉል ፌት በ1981 በኮፐንሃገን ተቋቋመ። ዘፋኙ ኪንግ ዳይመንድ በሚል የመድረክ ስም ይታወቃል፤ የትውልድ ስሙ ኪም ቤንዲክስ ፔተርሰን ነው። ጊታር የሚመቱት ሃንክ ሸርማንና ማይክል ዴነር፥ ባስ ጊታር የሚመታው ቲሚ ሃንሰን፥ ድራም የሚመታው ኪም ሩዝ ነበሩ። ሸርማን ከዚህ በፊት ብራትስ በተባለ የፓንክ ቡድን ውስጥ ይጫወት ነበር። የዴንማርክ ሕዝብ ቍጥሩ አነስተኛ ስለ ሆነ ቡድኑ የሚያዘፍነው በእንግሊዝኛ ነበር፤ የመጀመሪያዎቹን ሸክላዎች ያሳተሙለትም የኔዘርላንድ አሳታሚዎች ናቸው።

የመጀመሪያው ዘመን ሸክላዎች

የመጀመሪያው በ1982 ሬቭ ኦን በተባለው አሳታሚ የወጣው አነስተኛ ሸክላ ነው። ቀረጻው ጥሬ ነው፤ ቢሆንም በኋላ የሚጐለምሰው ጠባይ ሁሉ በጅምሩ ይታይበታል።

ሁለተኛው በጥቅምት 1983 ሮድራነር የተባለው አሳታሚ ያወጣው «ሜሊሳ» የተባለው አልበም ነው። በኮፐንሃገን በኢዚ ሳውንድ ስቱዲዮ በሄንሪክ ሉንድ ኀላፊነት ተቀረጸ፤ ሰባት ዘፈኖች አሉት። ሦስተኛው በዚያው ስቱዲዮና በዚያው ሰው ኀላፊነት ተቀርጾ በመስከረም 1984 የወጣው፥ ስሙ «መሐላውን አታፍርስ» የሚል ትርጕም ያለው አልበም ሲሆን ዘጠኝ ዘፈኖች ይዟል። በ«ሜሊሳ» አብዛኛውን ዜማ ያወጣው ሸርማን፥ ግጥሙን የጻፈው ኪንግ ዳይመንድ ነው። በሦስተኛው ሸክላ ግን ኪንግ ዳይመንድና ዴነርም በዜማው ሥራ ሰፋ ያለ ድርሻ አላቸው።

ከእነዚህ ሌላ ለተመራማሪ የሚጠቅሙ ሁለት ስብስቦች አሉ። አንደኛው በ1987 የወጣው ሲሆን፥ የ1982ቱን ሸክላና ቡድኑ በ1983 ለእንግሊዝ ራዲዮ ቢቢሲ የተጫወታቸውን ዘፈኖች ይዟል። ሁለተኛው በ1992 የታተመው የቀድሞ የሙከራ ቀረጻዎች ስብስብ ነው፤ የዚህ ጥቅም ከዚህ በታች ይገለጻል።

የአሠራሩ ጠባይ

በተለመደው የዘፈን አሠራር አንድ ሐረግ ይዜማል፥ አዝማቹ ይከተላል፥ ከዚያም ሁለቱ እየተፈራረቁ እስከ መጨረሻ ይሄዳሉ። መርሲፉል ፌት ይህን ሥርዓት ሙሉ በሙሉ ባይተውም በብዙ ዘፈኖቹ ይጥሰዋል። ጊታሮቹ የሚደጋግሙት አጭር የዜማ ሐረግ ጥቂት ጊዜ ከተመታ በኋላ ይተውና ሌላ ሐረግ ይተካል፤ ፍጥነቱም ይለወጣል። ለዚህ ዋናው ምሳሌ በ«ሜሊሳ» ውስጥ ያለው «የሰይጣን ውድቀት» ነው። ይህ ዘፈን ከ11 ደቂቃ በላይ የሚረዝም ሲሆን፥ ብዙ ልዩ ልዩ ሐረጎች ተራ በተራ እየተነሡ ያልፉበታል። አድማጩ የሚጠብቀው አዝማች አይመጣለትም፤ ነገሩ የሚሄደው እንደ ታሪክ ወደ ፊት ነው።

ሁለቱ ጊታሮች ደግሞ አንዱ መሪ አንዱ አጃቢ ሆነው አይቀሩም። አንዳንድ ጊዜ ያንኑ ዜማ በተለያየ የድምፅ ከፍታ ጐን ለጐን ይመታሉ፤ በብቸኝነት መምታት ሲመጣም ይፈራረቃሉ። የሸርማን አመታት ሻካራና ድንገተኛ ነው፤ የዴነር ለዜማ ያደላል። ይህን ልዩነት ለይቶ የሰማ ሰው ሸክላዎቹን በሌላ ጆሮ ያዳምጣቸዋል።

ሌላው ነገር የዘፋኙ ድምፅ ነው። ወንድ ዘፋኝ የድምፁን ጅማቶች አሳስቶና ወጥሮ፥ ጠርዛቸው ብቻ እንዲንቀጠቀጥ ሲያደርግ፥ ከተፈጥሮ ድምፁ በላይ የሆነ ቀጭን ድምፅ ይወጣል። ኪንግ ዳይመንድ ይህን ድምፅ ከወፍራሙና ከጐርናናው ድምፁ ጋራ በአንድ ዘፈን ውስጥ ያፈራርቃል። የሚያደርገውም ለጌጥ ብቻ አይደለም፤ በግጥሙ ውስጥ የሚናገረው ሰው ሲለወጥ ድምፁም ይለወጣል። በስቱዲዮም የራሱን ድምፅ ደራርቦ ስለሚቀርጸው አንድ ሰው እንደ መዘምራን ቡድን ሆኖ ይሰማል። አንድ ጉሮሮ በመድረክ ላይ ይህን ሁሉ ባንድ ጊዜ ሊያወጣ አይችልም። በዚህም የተነሣ የቡድኑ ሥራ በሙላቱ የሚገኘው በሸክላው ላይ ነው ብንል ከእውነት አንርቅም።

የግጥሙ ነገርና የ1985 ክስ

በመጀመሪያው ዘመን ግጥሞች ውስጥ ሰይጣን፥ መሐላ፥ ጠንቋዮችና የሙታን መናፍስት ይመላለሳሉ። «ሜሊሳ» የሚለው ዘፈን ተናጋሪው ስለ ሞተችበት ጠንቋይ ሴት የሚያለቅሰው ለቅሶ ነው፤ «የፈርዖኖች እርግማን» የግብጽን መቃብር ስለሚደፍር ሰው ይናገራል።

በ1985 በአሜሪካ የፖለቲካ ሰዎች ሚስቶች ያሉበት አንድ የወላጆች ማኅበር ለወጣቶች ጐጂ ናቸው ያላቸውን 15 ዘፈኖች በዝርዝር አወጣ። ከነዚህም አንዱ የመርሲፉል ፌት «ወደ ጠንቋዮቹ ማኅበር» ነበር፤ ክሱም ምትሐትን ይሰብካል የሚል ነው። በመስከረም 1985 ጉዳዩ በአሜሪካ የሕግ መወሰኛ ምክር ቤት ፊት ተሰማ፤ በውጤቱም የሸክላ አሳታሚዎች በአንዳንድ ሸክላዎች ላይ ለወላጆች ማስጠንቀቂያ እንዲለጠፍ ተስማሙ። መርሲፉል ፌት ግን በዚያው ዓመት በሚያዝያ ፈርሶ ስለ ነበረ፥ ክሱ ሲሰማ ተከሳሹ ቡድን አልነበረም።

በዚህ ነገር ላይ ሁለት ወገን አስተያየት አለ። አንደኛው ግጥሙ ክፉ ስለ ሆነ ሥራው ሁሉ ይጣል ይላል። ሁለተኛው ግጥሙ ተራ ጨዋታ ነውና አይታይ፥ ዜማው ብቻ ይሰማ ይላል። ሁለቱም ሸክላውን በሚገባ አልመረመሩም። በ1992 የታተሙት የሙከራ ቀረጻዎች እንደሚያሳዩት «የሞት መሳም» የተባለው የቀድሞ ዘፈን በ1984 ግጥሙ ተለውጦ «አደገኛ ስብሰባ» ሆኗል፤ «ሙሉ ጨረቃ በወጣችበት ሌሊት» የተባለውም እንዲሁ «የነፍሶች መርከስ» ሆኗል። የጊታሩ አካሄድ ጸንቶ ሲቈይ ቃሉ ተለውጧል ማለት ነው። ስለዚህ ሥራው በስብከት ላይ ብቻ የቆመ ነው የሚለው ክስ ከማስረጃው ጋራ አይስማማም።

ነገር ግን ይህ ግጥሙን ከንቱ አያደርገውም። ኪንግ ዳይመንድ አንቶን ላቬይ የተባለው አሜሪካዊ ስለ ሰይጣን በጻፈው መጽሐፍ ከራሱ አስተሳሰብ ጋራ የሚስማማ የአኗኗር ፍልስፍና እንዳገኘበት ደጋግሞ ተናግሯል፤ ስለዚህ ቃሉ ዝም ብሎ የተለጠፈ አይደለም። ድምፁም የሚለዋወጠው በግጥሙ ባለ ታሪኮች ምክንያት ስለ ሆነ፥ ግጥሙን የማያውቅ ሰው የዜማውን ምክንያት አያገኘውም። በቃሉ የማይስማማ ሰው አለመስማማቱን መግለጽ መብቱ ነው፤ የሚያስፈልገው ከፍርዱ በፊት መስማቱ ነው።

ሁለተኛው ዘመን

ቡድኑ ሲፈርስ ሸርማን ፌት የተባለ ለስላሳ ሮክ የሚጫወት ቡድን አቋቋመ፤ ኪንግ ዳይመንድ ከዴነርና ከሃንሰን ጋራ በራሱ ስም ሌላ ቡድን መሠረተ። ይህ መለያየት እያንዳንዱ ለቀድሞው ሥራ ምን እንዳዋጣ ያስረዳል፤ የትረካው ዝንባሌ ወደ ዘፋኙ ቡድን ሲሄድ፥ ያ ያልተጠበቀ የሐረግ መለዋወጥ ግን በአንዱም ዘንድ እንደ ቀድሞው አልተገኘም።

በ1993 ቡድኑ ተመልሶ ተሰበሰበና ሜታል ብሌድ በተባለው የአሜሪካ አሳታሚ በኩል በ1993፥ በ1994፥ በ1996፥ በ1998ና በ1999 አምስት አልበሞች አወጣ። ቀረጻቸው ከቀድሞዎቹ የጠራ ነው። ከሰይጣን ይልቅ የመናፍስት ታሪኮች በርክተዋል፤ በ1993ቱም ላይ የሜሊሳ ታሪክ ይቀጥላል። ሆኖም አባላቱ እየተለዋወጡ ሄዱ፤ በ1998 ዴነር ሳይኖር ሌላ ጊታር መቺ ተተካ። ከ1999 በኋላ ቡድኑ ዝም አለ። በ2019 ዳግመኛ መሰባሰቡ ቢነገርም ቲሚ ሃንሰን በዚያው ዓመት በኅዳር አረፈ።

የሁለቱን ዘመን ክብደት ለመመዘን ከውጭ የመጣ አንድ ምስክር አለ። ሜታሊካ የተባለው ስመ ጥር የአሜሪካ ቡድን በ1998 ባወጣው አልበም ላይ አምስት የመርሲፉል ፌት ዘፈኖችን አያይዞ ከ11 ደቂቃ በላይ ተጫውቷቸዋል። የሜታሊካ ድራም መቺ ላርስ ኡልሪክ በትውልዱ የዴንማርክ ሰው ነው፤ በ1993ቱ የመርሲፉል ፌት አልበም ላይም በእንግድነት ተጫውቷል። ሁለተኛውን ዘመን በቅርብ ያውቅ ነበር ማለት ነው። ሆኖም ከተመረጡት አምስት ዘፈኖች አንዱ ከ1982ቱ ሸክላ፥ አራቱ ከ«ሜሊሳ» ናቸው።

መደምደሚያ

ከላይ ከተባለው ሦስት ነገር እንረዳለን። አንደኛ፥ የቡድኑ ሥራ ዋና ክብደት ከ1982 እስከ 1984 በተቀረጹት ሦስት ሸክላዎች ላይ ነው። ሁለተኛ፥ ለዚህ ምክንያቱ የሐረጎቹ አደራደርና የድምፁ አጠቃቀም ነው፤ ይኸውም በጆሮ ሊመረመር የሚችል ነገር ነው። ሦስተኛ፥ ግጥሙና ዜማው በአንድ ሸክላ ላይ አብረው ስለ ተቀረጹ፥ አንዱን አስቀርቶ በሌላው ብቻ የሚሰጥ ፍርድ ጐደሎ ይሆናል።

ጥናቱን ለመቀጠል የሚሻ ሰው «የፈርዖኖች እርግማን»ን በመጀመሪያ በሙከራው ቀረጻ፥ ቀጥሎ በቢቢሲው፥ በመጨረሻም በ«ሜሊሳ» ቢሰማው አንድ ሥራ እንዴት እየተቃና እንደሚሄድ በገዛ ጆሮው ይረዳል።