ሰውና ካርቱን በአንድ ምስል ላይ እንዴት ይገናኛሉ?

እ.ኤ.አ. በ1989 በደቡብ ሕንድ፣ በታሚል ቋንቋ የተሠራ «ራጃ ቺና ሮጃ» የተሰኘ የቤተሰብ ፊልም ለእይታ በቃ። ያዘጋጀው ኤስ. ፒ. ሙቱራማን፣ ያቀረበው ኤቪኤም የተባለው አንጋፋ የፊልም ድርጅት፣ ዋናው ተዋናይ ደግሞ ራጂኒካንት ነበር። ፊልሙን በሕንድ ሲኒማ ታሪክ በፈር ቀዳጅነት የሚያስጠቅሰው ተዋናዩና ሕፃናቱ ከተሳሉ እንስሳት ጋር የሚታዩበት የዘፈን ክፍል ነው። ለመሆኑ በሥጋ ያለ ሰውና በቀለም የተሠራ እንስሳ በአንድ ምስል ላይ እንዴት ሊገናኙ ይችላሉ?

በቅድሚያ የእንቅስቃሴውን ምንነት እንመልከት። የሲኒማ ፊልም በሴኮንድ 24 የቆሙ ምስሎችን በተከታታይ ያሳያል። ቀደም ሲል የእንቅስቃሴው ስሜት የሚፈጠረው ምስሉ በዓይን ሬቲና ላይ ለቅጽበት ስለሚቆይ ነው ይባል ነበር። ዛሬ ግን ዋናው ሥራ የአንጎል መሆኑ ይታወቃል፤ አንጎል በጥቂቱ የሚለያዩ ተከታታይ ምስሎችን የአንድ ነገር ጉዞ አድርጎ ይተረጉማቸዋል።

ከዚህ በመነሣት የሠዓሊውን ሸክም ማስላት ይቻላል። አምስት ደቂቃ 300 ሴኮንድ ነው፤ በ24 ሲባዛ 7,200 ምስል ይሆናል። እያንዳንዱ ሥዕል ለሁለት ተከታታይ ምስሎች ቢያገለግል እንኳ ለአንድ እንስሳ ብቻ 3,600 ሥዕሎች ያስፈልጋሉ።

ኮምፒውተር በፊልም ሥራ ባልተስፋፋበት ዘመን የተለመደው አሠራር የሚከተለው ነበር። መጀመሪያ ተዋናዩ እንስሳው በሌለበት ብቻውን ይቀረጻል። ሠዓሊው የተቀረጸውን ምስል አንድ በአንድ እየተመለከተ የእንስሳውን ቦታና መጠን ይወስናል፤ ሥዕሉም ግልጽ በሆነ ፕላስቲክ ላይ ተገልብጦ ቀለም ይቀባል። ቀጥሎ በእንስሳው ቅርጽ ልክ ጥቁር ጭንብል ይዘጋጃል። የተዋናዩ ምስል ወደ አዲስ ፊልም ሲገለበጥ ጭንብሉ የእንስሳውን ቦታ ከብርሃን ይከላከላል። ከዚያም አዲሱ ፊልም ወደ ኋላ ተጠንጥኖ ለሁለተኛ ጊዜ ሲያልፍ፣ ብርሃን ባልነካው ቦታ ላይ እንስሳው ይታተማል። ጭንብሉ በጥቂቱ ቢዛነፍ በእንስሳው ዙሪያ መስመር ይታያል፤ ማታለሉም ይጋለጣል።

ይሁን እንጂ የጭንብሉ ትክክለኛነት ብቻውን አይበቃም። ሰው የሌላውን ሰው የዓይን አቅጣጫ ለይቶ የማወቅ ከፍተኛ ችሎታ አለው። ተዋናዩ በ1 ሜትር ርቀት ላይ ካለው ነጥብ 5 ሴንቲ ሜትር ስቶ ቢመለከት አቅጣጫው ወደ 3 ዲግሪ ገደማ ይዛነፋል፤ በባዶ አየር ላይ ማፍጠጡም ሊታወቅበት ይችላል። ስለዚህም በቀረጻ ጊዜ ዓይኑ የሚያርፍበት ምልክት ይዘጋጅለታል። ጥላም እንዲሁ ነው፤ የእንስሳው ጥላ ከተዋናዩ ጥላ ጋር በአንድ አቅጣጫ ካልወደቀ እንስሳው መሬት የረገጠ ሳይሆን የሚንሳፈፍ ይመስላል።

ዛሬ የጭንብሉን ሥራ ኮምፒውተር ተክቶታል። የብርሃንና የእይታ ሕግ ግን አልተለወጠም። አንባቢ ሆይ፣ እንዲህ ያለ ፊልም ሲያጋጥምህ በመጀመሪያ የተዋናዩን ዓይን፣ ቀጥሎ የእንስሳውን እግር ሥር ተመልከት፤ የሠሪዎቹ ጥበብ የሚፈተነው በእነዚህ ሁለት ቦታዎች ነውና።