ከዓሣ መረብ እስከ ገዥነት ወንበር

መንግሥት በየዓመቱ ለነዋሪው፣ ሕፃናት ሳይቀሩ፣ ገንዘብ የሚያከፋፍልበት አገር አለ ብንላችሁ ታምናላችሁ? የአሜሪካዋ ግዛት አላስካ እንዲህ ታደርጋለች። ነገሩን የጠነሰሱት ደግሞ የምጣኔ ሀብት ምሁር አይደሉም፤ ዓሣ አጥማጁ ጄይ ሃሞንድ ናቸው። (ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው።)

ሃሞንድ በ1922 ኒውዮርክ ግዛት ተወለዱ። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት የተዋጊ አውሮፕላን አብራሪ ነበሩ። በ1946 ወደ አላስካ አቀኑ፤ አውሮፕላን እያበረሩ፣ አዳኞችን እየመሩ ኖሩ። በኋላ ናክኔክ በምትባል የባሕር ዳርቻ መንደር ሳልመን ዓሣ ማጥመድ ያዙ።

ብሪስቶል ቤይ የሚባለው ይህ አካባቢ በሳልመን የታወቀ ነው። ሰኔና ሐምሌ ላይ በሚሊዮን የሚቆጠር ዓሣ ከባሕር ወደ ወንዞቹ ይተማል። አጥማጁም፣ ፋብሪካውም ከሩቅ ይመጣል፤ ዓሣውን ያፍሳል፤ ገንዘቡን ይዞ ይሄዳል። ለነዋሪው የሚተርፈው ጥቂት ነበር።

ይህ ነገር ሃሞንድን አላስተኛቸውም። በ1960ዎቹ የአካባቢው አስተዳደር ሥራ አስኪያጅ ሆነው አንድ ሐሳብ አመጡ፦ ከሚያዘው ዓሣ ሁሉ 3 በመቶ ግብር ይሰብሰብ፣ ገንዘቡ ይጠራቀም፣ ትርፉ እንደ አክሲዮን ለነዋሪው ይከፋፈል። ሕዝቡ ግን «ግብር» ሲባል ሰማና ሐሳቡን ጣለው። ሃሞንድ ተስፋ አልቆረጡም፤ «የዓሣው ግብር ከጸደቀ የቤት ግብራችሁ ይቀርላችኋል» ብለው ተመለሱ። ይሄኔ ሕዝቡ እሺ አለ። የትርፍ ክፍፍሉ ሐሳብ ግን እዚያው ቀረ።

ከ1972 ጀምሮ የአካባቢው ከንቲባ ሆኑ። በ1974 ለአላስካ ገዥነት ተወዳድረው አሸነፉ፤ ልዩነቱ 287 ድምፅ ብቻ ነበር! ዘመኑ አላስካ በነዳጅ የምትከብርበት ነበር። ሃሞንድ የዓሣውን ትምህርት አልረሱም። ሳልመን እኮ በየዓመቱ ይመለሳል፤ ነዳጅ ግን አንዴ ከወጣ ወጣ ነው። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ እንዳይሆን፣ በ1976 ሕዝቡ በድምፁ ሕገ መንግሥቱን አሻሻለ፤ ግዛቲቱ ከነዳጅና ከማዕድን ከምታገኘው የሮያሊቲ ገቢ ቢያንስ 25 በመቶው በቋሚ ፈንድ እንዲቀመጥ ተወሰነ።

የመጀመሪያው ዕቅድ ብዙ ዓመት ለኖረ ብዙ ይሰጥ ነበር። የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ይህን ሻረው። በ1982 ለሁሉም እኩል 1,000 ዶላር ተከፈለ።

ሃሞንድ በ2005 አረፉ፤ ክፍያው ግን ዛሬም አለ። በ2022 ለአንድ ሰው 3,284 ዶላር ደርሷል። ሁሌም ሰላም ነው ማለት አይደለም፤ በ2016 የግዛቲቱ በጀት ሲጎድል ገዥው ክፍያውን በግማሽ ገደማ ቀነሱት፤ ከዚያ ወዲህ በየምርጫው የሚያጨቃጭቅ ጉዳይ ሆኗል። ጭቅጭቁም ቢሆን አንድ ነገር ያሳያል፤ ሰው ድርሻዬ ነው ብሎ የያዘውን በዝምታ አይለቅም።