ከ20 ዓመት በኋላ እንደ አዲስ የተሠራው «ትሱኪሂሜ»፦ የሚነበብ ጌም ምንድነው?

ኦሎምፒያም ሆነ ቦሌ፣ ፕሌይስቴሽን ቤት ጎራ ብትሉ ባብዛኛው የምታገኙት ኳስ ነው። ሁለት ሰው፣ ሁለት ጆይስቲክ፣ ጫጫታ። ዛሬ የምናወራው ጌም ግን ብቻችሁን ቁጭ ብላችሁ የምታነቡት ነው።

ቪዥዋል ኖቭል ይባላል። ስክሪኑ ላይ ስዕል አለ፣ ሙዚቃ ይሰማል፣ ታሪኩ ግን የሚሄደው በጽሑፍ ነው። አልፎ አልፎ ምርጫ ይመጣላችኋል፦ ልከተላት ወይስ ቤቴ ልግባ? በመረጣችሁት መሠረት ታሪኩ ይታጠፋል፣ መጨረሻውም ይለያያል።

ከክላሲኮቹ አንዱ «ትሱኪሂሜ» ነው፤ የጨረቃ ልዕልት እንደማለት። ሁለት ጓደኛሞች ናቸው የጀመሩት፦ ኪኖኮ ናሱ ጻፈ፣ ታካሺ ታኬውቺ ሳለ። እ.ኤ.አ. በዲሴምበር 2000 ኮሚኬት በሚባለው የቶኪዮ ባዛር ላይ ሸጡት፤ ሰዎች ራሳቸው የሠሩትን ኮሚክና ጌም ይዘው የሚመጡበት ቦታ ነው። ቡድናቸው ታይፕ ሙን በኋላ «ፌት»ን የሠራው ነው።

ታሪኩ? ሺኪ የሚባል ተማሪ በልጅነቱ ከባድ አደጋ ይደርስበታል። ከዚያ ወዲህ በሰውም በዕቃም ላይ የሞት መስመር ይታየዋል። መስመሩን በቢላ ከቆረጠው አለቀ። ከዚህ እይታ የሚያሳርፈው አንድ ልዩ መነጽር ብቻ ነው።

አዲሱ ሥራ በ2008 ተነገረ፣ የወጣው ግን ኦገስት 26 ቀን 2021 ነው፤ ለፕሌይስቴሽን 4 እና ለኒንቴንዶ ስዊች። ስዕሉ እንደ አዲስ ተስሏል፣ ድምፅ ያልነበራቸው ገጸ ባሕርያት ይናገራሉ፣ ታሪኩም ወደ ዘመናዊ ቶኪዮ መጥቷል። የወሲብ ትዕይንቶቹ ወጥተዋል፤ ደሙ ግን ስላለ ለታናናሾቻችሁ አይሆንም። ከ5ቱ የታሪክ መንገዶች የገቡት 2 ናቸው፤ 3ቱ ለሁለተኛው ክፍል ተይዘዋል።

ትልቁ ጉዳይ ቋንቋ ነው። የ2000ው ጌም በይፋ በእንግሊዝኛ ወጥቶ አያውቅም። በ2006 ተርጉመው የጨረሱት አድናቂዎች ናቸው፣ ያለ ክፍያ። አዲሱ በይፋ በእንግሊዝኛ የመጣው ጁን 27 ቀን 2024 ነው።

ይሄ ለእኛም ይገባናል። ቃና ቲቪ በ2016 የውጭ ድራማ በአማርኛ ድምፅ ማቅረብ ሲጀምር ስንቱ ቤት ተሰብስቦ እንዳየ አስታውሱ። ኳስ ጌም ቋንቋው ባይገባችሁም ትጫወታላችሁ። የሚነበብ ጌም ግን ቋንቋው ካልገባችሁ የለም ማለት ነው።

«ትሱኪሂሜ» ለስልክ አልወጣም። እናንተ ግን በስልክ የሚነበብ የራሳችሁን መሥራት ትችላላችሁ። ሬንፓይ የሚባል ነፃ ሶፍትዌር አለ፤ ኮምፒውተር ላይ ትሠራላችሁ፣ ያለቀውን የአንድሮይድ አፕ ታደርጉታላችሁ። ትእዛዞቹ በእንግሊዝኛ ፊደል ናቸው፤ ታሪኩን ግን የግዕዝ ፊደል ያለው ፎንት አስገብታችሁ በአማርኛ መጻፍ ትችላላችሁ። በአንድ ትዕይንትና በሁለት ምርጫ ጀምሩ።

ታይፕ ሙንም የተነሳው አንድ የሚጽፍና አንድ የሚስል ጓደኛ ይዞ ነው። ሰፈራችሁ ውስጥ ሁለቱም አይጠፉም።