መሣሪያው በነፃ፣ ጓዙ በዶላር

በወላይታ ሶዶ ገበያ የዝንጅብል፣ የጎደሬና የሥጋ ከብት ዋጋ የሚቆረጠው ሻጭና ገዢ ፊት ለፊት ተከራክረው ነው። በከተማዋ ኮምፒዩተር የተማሩ ወጣቶች ሊያቀርቡት የሚችሉት ሸቀጥ፣ ማለትም የሞባይል መተግበሪያ፣ ማሳም በረትም አይፈልግም። ከአዲስ አበባ ከ300 ኪሎ ሜትር በላይ መራቅም ከገዢው አያግደውም። የሚያነጋግረው የመነሻ ካፒታሉ ጉዳይ ነው።

ስሌቱ ከላይ ሲታይ ያጓጓል። ቀደም ሲል አንድ መተግበሪያ በአንድሮይድና በአይፎን እንዲሠራ ሁለት ጊዜ ይጻፍ ነበር። ፌስቡክ እ.ኤ.አ. በ2015 ያወጣው ሪአክት ኔቲቭና ጉግል በ2018 የመጀመሪያ ሙሉ እትሙን ያቀረበው ፍላተር ድርብ ድካሙን አቃለውታል። ሁለቱም፣ እንዲሁም አንድሮይድ ስቱዲዮና ቪኤስ ኮድ የተባሉት መጻፊያዎች፣ ያለ ክፍያ ይገኛሉ።

ወጪው ያለው ጓዙ ላይ ነው። ለአንድሮይድ ስቱዲዮ የተቀመጠው ዝቅተኛ መስፈርት 8 ጊጋባይት ራም ሲሆን፣ በኮምፒዩተር ላይ ስልክ መስሎ የሚሠራው ኢሙሌተር ሲጨመር 16 ጊጋባይት ይደርሳል። ላፕቶፕ ከውጭ የሚገባ ዕቃ በመሆኑ ዋጋው ከዶላር ጋር የተቆራኘ ነው። መሣሪያዎቹን ማውረድም በርካታ ጊጋባይት ዳታ ይበላል።

አቅሙ ውስን ለሆነ ጀማሪ የሚያዋጣው ኢሙሌተሩን ትቶ የእጅ ስልኩን በኬብል ማገናኘትና በቀላሉ ቪኤስ ኮድ መጻፍ ነው። የአንድሮይድ ኤስዲኬ ግን አይቀርም። ጓደኛሞች አንድ ጊዜ ያወረዱትን የመጫኛ ፋይል በፍላሽ ቢቀባበሉ የዳታው ወጪ ይከፋፈላል። የጎደለ ነገር ካለ «ፍላተር ዶክተር» የተባለው ትእዛዝ ይዘረዝረዋል።

ቀጣዩ ወጪ የመሸጫ ቦታው ነው። የጉግል መደብር የምዝገባ ክፍያ አንድ ጊዜ የሚከፈል 25 ዶላር ሲሆን፣ አፕል በየዓመቱ 99 ዶላር ይጠይቃል። ብሔራዊ ባንክ ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የምንዛሪ ተመኑ በገበያ እንዲወሰን ከማድረጉ በፊት ዶላሩ 57 ብር ገደማ ስለነበር የጉግሉ ክፍያ 1,425 ብር ይሆን ነበር። ዶላሩ 100 ብር ሲገባ 2,500 ብር ሆነ። ለአይፎን መተግበሪያ ማዘጋጀት የማክ ኮምፒዩተር ስለሚጠይቅ፣ በግዢም ሆነ በኪራይ፣ ሌላ ወጪ ይከተላል። ስለዚህ ኮዱ ለሁለቱም ቢሆንም በአንድሮይድ ጀምሮ አይፎኑን ለገቢው ማቆየት ያዋጣል።

በጉግል መደብር አዲስ የግል አካውንት የሚከፍት ሰው መተግበሪያውን ለ14 ተከታታይ ቀናት በ12 ሰዎች ማስሞከር ይጠበቅበታል። ከ1999 ዓ.ም. ጀምሮ ዩኒቨርሲቲ ላላት ሶዶ 12 ሞካሪ ማግኘት አይቸግርም።

ከባዱ ፈተና ወጪው በዶላር፣ ገቢው በብር መሆኑ ነው። ሆኖም ሶዶ በ2015 ዓ.ም. የደቡብ ኢትዮጵያ ክልል የአስተዳደር መቀመጫ ሆናለች፤ ቴሌብርም ከ2013 ዓ.ም. ጀምሮ ክፍያን በስልክ አድርሷል። ደንበኛ የሚሆኑ መሥሪያ ቤቶች፣ ነጋዴዎችና ማኅበራት በቅርብ አሉ። አዋቂ ጀማሪ መጀመሪያ ገዢውን ያነጋግራል፤ ዶላሩን የሚያወጣው ከዚያ በኋላ ነው።