ለወንድምሽ የምትልኪው የክረምት ጫማ፦ ከመክፈልሽ በፊት በእጅሽ ፈትሺው

ለካርጎ የምታዘጋጂው ካርቶን አልጋሽ ሥር አለ። ደመወዝ በተቀበልሽ ቁጥር አንድ አንድ ነገር ትጨምሪበታለሽ። ለእናትሽ ነጠላ ጫማና ጋቢ መሳይ ብርድ ልብስ፣ ለእህትሽ ልጅ የትምህርት ቤት ቦርሳ፣ ለወንድምሽ ደግሞ ‹‹ውሃ አያስገባም›› ተብሎ የተሸጠልሽ ወፍራም የተራራ ጫማ። ጫማውን የገዛሽው በቅናሽ ነው፤ እንደዚያም ሆኖ የአንድ ሳምንት ድካምሽን ወስዷል። ካርቶኑ እስኪሞላ ግን ሁለት ሦስት ዓመት አለፈ። በመጨረሻ አገር ቤት ደረሰ፣ ወንድምሽም በደስታ አደረገው። በሦስተኛው ቀን ሶሉ እንደ ደረቅ ዳቦ ተፈርፍሮ ጭቃ ውስጥ ቀረ። በስልክ ሊነግርሽ ሲያፍር ድምፁ ያስታውቃል።

ይህ በአንቺ ላይ ባይደርስ የደረሰባት ጓደኛ አታጪም። ጥፋቱ የማን ነው? ሻጩ አታሎሽ ይሆናል። ፋብሪካው ሲሠራው አበላሽቶት ይሆናል። ወይም ጫማው ሲገዛ ደህና ነበረ፤ የተበላሸው አልጋሽ ሥር ሳለ ነው። ሦስቱም ያጋጥማሉ። ፋብሪካ ውስጥ ጫማ እንዴት እንደሚፈተሽ ካወቅሽ ግን ከፍተሻው የተወሰነውን አንቺም ሱቅ ውስጥ ቆመሽ ልታደርጊው ትችያለሽ።

‹‹ውሃ አያስገባም›› ሲባል

ካርቶኑ ላይ ወይም ጫማው ላይ በተንጠለጠለው ወረቀት ላይ ከሁለት ቃላት አንዱን ታገኛለሽ። ‹‹ዋተርፕሩፍ›› የሚለው ውሃ አያስገባም ማለት ነው። ‹‹ዋተር ረዚስታንት›› ወይም ‹‹ዋተር ሪፔለንት›› የሚለው ግን ካፊያን ለጥቂት ጊዜ ይቋቋማል ማለት ብቻ ነው። የሐምሌ ዝናብና የጭቃ መንገድ ካፊያ አይደሉም። እንግሊዝኛ ማንበብ ካልቻልሽ ቃሉን በስልክሽ ፎቶ አንሥተሽ ለምታነብልሽ ጓደኛ ላኪላት።

ከውጭ የምታዪው ቆዳ ወይም ጨርቅ ብቻውን ውሃን ለረጅም ሰዓት አይከለክልም። በአብዛኞቹ የተራራ ጫማዎች ይህን ሥራ የሚሠራው በውጩ ቆዳና በገበሩ መካከል ያለ ስስ ሽፋን ነው። በሰፊው የሚታወቀው ጎርቴክስ የሚባለው ሲሆን መነሻው ቦብ ጎር የተባለ አሜሪካዊ በ1969 እ.ኤ.አ. ያገኘው ነገር ነው። የማይጣበቅ መጥበሻ ከሚቀባበት ከቴፍሎን ጋር አንድ የሆነውን ቁስ አሙቆ በኃይል ሲስበው ብዙ ጥቃቅን ቀዳዳዎች ያሉት ስስ ነገር ሆነ። ቀዳዳዎቹ የውሃ ጠብታ አያሳልፉም፤ የላብ እንፋሎት ግን ያሳልፋሉ። ከጎርቴክስ ሌላ ተመሳሳይ ሥራ የሚሠሩ ብዙ ሽፋኖችም አሉ።

ሽፋኑ እንደ ካልሲ ተሰፍቶ ጫማው ውስጥ ይገባል። መርፌ በገባበት ሁሉ ቀዳዳ ስለሚቀር የስፌቱ መስመር በሙቀት በሚጣበቅ ልዩ ፕላስተር ይሸፈናል። አንድ ጣት ርዝመት ያህል ፕላስተር በደንብ ካልተጣበቀ ጫማው ዋጋው ምንም ያህል ቢሆን ያፈሳል።

ፋብሪካው ምን ይፈትሻል?

ደህና ፋብሪካ ጫማውን የሚፈትሸው ተሠርቶ ካለቀ በኋላ ብቻ አይደለም። ገና ቆዳው ሲገባ ቁራጩን ማሽን ላይ አድርጎ በሺዎች ለሚቆጠር ጊዜ ያጥፈዋል፣ ይዘረጋዋል፤ ቆዳው እንዳይሰነጠቅ። ካልሲ መሳዩን ሽፋን በአየር ነፍቶ ውሃ ውስጥ ይነክረዋል፤ አረፋ ከወጣ ቀዳዳ አለው ማለት ነው። ጎሚስታ የተነፋ ጎማ ውሃ ውስጥ ሲነክር አይተሽ ከሆነ ያው ነው።

ብዙ ጫማ የሚበላሸው በማጣበቂያው ነው። ሶል ከመለጠፉ በፊት የቆዳው የታችኛው ጠርዝ በብሩሽ መሻከር፣ መጽዳት፣ ማጣበቂያው ተቀብቶ መድረቅ፣ ከዚያ መሞቅና በማሽን መጫን አለበት። ሠራተኛው ቸኩሎ ማሻከሩን ከዘለለ ጫማው ሱቅ ውስጥ ሲታይ ልክ እንደ ደህናው ነው። የሚከፈተው ሲረጥብና ሲታጠፍ ነው። ስለዚህ ፋብሪካው ከየተሠራው የተወሰነ ጫማ ወስዶ ሶሉን በማሽን ይገነጥላል፤ ለመገንጠል የጠየቀውን ኃይልም ይለካል። ያ ጫማ አይሸጥም፣ ለፍተሻ የተሠዋ ነው።

ያለቀው ጫማም ይፈተናል። አንዱ ዘዴ ጫማውን ውሃ በያዘ ገንዳ ውስጥ እንደሚራመድ እግር ደጋግሞ ማጠፍ ነው። ሌላው ውስጡን ውሃ ሞልቶ እንደ ልብስ ማጠቢያ ማሽን በፍጥነት ማሽከርከር ነው፤ ከውጭ የተጠቀለለው ወረቀት ከረጠበ ጫማው ወድቋል።

ሁሉም ጫማ ግን አይፈተሽም። ጭነቱ ከመውጣቱ በፊት ተቆጣጣሪው የሚያየው ናሙና ነው፤ ጤፍ የሚገዛ ሰው ከጆንያው መሐል ዕፍኝ አውጥቶ እንደሚያየው። በብዙ አገር የሚሠራበት የናሙና ሰንጠረዥ አለ። በዚያ ሰንጠረዥ በተለመደው አሠራር ከ1,201 እስከ 3,200 ጥንድ ካለው ጭነት 125 ጥንድ ወጥቶ ይታያል። ገዢው በሰንጠረዡ 2.5 የሚባለውን ደረጃ ከመረጠ፣ ከ125ቱ ውስጥ ትልቅ ጉድለት ያለባቸው 7 እስከሆኑ ድረስ ጭነቱ ያልፋል፤ 8 ከሆኑ ይመለሳል። እግር የሚወጋ የተሰበረ መርፌን የመሰለ አደገኛ ጉድለት ግን አንድም አይፈቀድም።

ይህን ልብ በዪው። ታማኝ ፋብሪካ፣ በትክክል የተፈተሸ ጭነት፣ ሆኖም ውስጡ ጥቂት ጎደሎ ጫማ አለ። አንዱ ለአንቺ ሊደርስሽ ይችላል። የመጨረሻዋ ተቆጣጣሪ አንቺ ነሽ።

ሱቅ ውስጥ የምታደርጊው

አንደኛ፣ ሁለቱንም እግር አውጥተሽ ጎን ለጎን አቁሚ። ቁጥራቸው፣ ቁመታቸው፣ የቆዳው ቀለም አንድ ነው? ከኋላ ሲታዩ ቀጥ ብለው ቆመዋል ወይስ አንዱ ያጋድላል?

ሁለተኛ፣ ጫማውን በሁለት እጅሽ ይዘሽ ጣት በሚታጠፍበት ቦታ እጠፊው። መታጠፍ ያለበት እዚያ ነው። መሐሉ ላይ እንደ መጽሐፍ ከታጠፈ ለዳገትና ለድንጋይ አይሆንም። እንደታጠፈ ይዘሽ ሶሉና ቆዳው የሚገናኙበትን መስመር ዙሪያውን ተመልከቺ። ጥፍርሽ የሚገባበት ክፍተት ካለ መልሺው። ማስቲሽ ወጥቶ የደረቀ ብዙ ቦታ ላይ ካየሽም ሥራው የችኮላ ነው።

ሦስተኛ፣ ክሩን ፈትተሽ ምላሱን ወደ ፊት ሳቢው። ውሃ በማያስገባ ጫማ ላይ ምላሱ በግራና በቀኝ እስከ ላይኛው ክፍል ድረስ እንደ ኪስ ታጥፎ ከጎኑ ጋር መያያዝ አለበት። ጎኑ ክፍት ከሆነ ካርቶኑ ምንም ቢል ውሃው በዚያ ይገባል።

አራተኛ፣ እጅሽን እስከ ጫፉ አስገቢና ውስጡን ዳብሺ። ሻካራ ስፌት፣ የሚወጋ ነገር፣ የተጨማደደ ገበር ካለ እግር ያቆስላል። የውስጥ ንጣፉን አውጥተሽ ሥሩንም እዪ።

አምስተኛ፣ ምልክቱን ፈልጊ። ወደ አውሮፓ ገበያ የሚገቡ ጫማዎች ከምን እንደተሠሩ በሥዕል ይጻፍባቸዋል። የተዘረጋ ሌጦ የመሰለው ሥዕል ቆዳ ነው። ሌጦው መሐል ላይ አልማዝ መሳይ ቅርጽ ካለበት የተቀባ ቆዳ ነው። እንደ መረብ የተጠላለፈው ጨርቅ ነው። አልማዝ መሳይ ቅርጽ ብቻውን ከሆነ ሌላ ነገር ነው፣ ፕላስቲክ ወይም ጎማ። ይህን ለማወቅ እንግሊዝኛም ዓረብኛም ማንበብ አያስፈልግም። ሻጩ ‹‹ንጹሕ ቆዳ›› ካለሽና ሥዕሉ አልማዝ ብቻ ከሆነ ስለሌላው ነገርም ቃሉን አትመኚ።

ስድስተኛ፣ የተሠራበትን ጊዜ ፈልጊ። ብዙ ጫማዎች ምላሱ ውስጥ በተሰፋው ትንሽ ጨርቅ ላይ ወርና ዓመት አላቸው። ይህ ለምን እንደሚያስፈልግ ቀጥሎ ታያለሽ።

ሳይደረግ የሚያረጅ ጫማ

በብዙ የተራራ ጫማ ላይ ከታችኛው ጎማ በላይ ያለው ለስላሳ ክፍል ከፖሊዩሬቴን ይሠራል። ምቹና ጠንካራ ነው፤ ጠላቶቹ ግን እርጥበትና ሙቀት ናቸው። በአየር ውስጥ ያለው እርጥበት ቀስ በቀስ ውስጡን ይበላዋል፤ ሙቀት ሲጨመርበት ይፈጥናል። ጫማው ካርቶኑ ውስጥ ተኝቶ ከላይ አዲስ ይመስላል። ከዓመታት በኋላ ሰው ሲቆምበት ግን ይፈረፈራል። ዱባይ፣ ዶሃ፣ ማናማ ወይም ጅዳ የምትኖሪ ከሆነ የበጋው አየር ምን እንደሚመስል ላንቺ አይነገርም። ያልቀዘቀዘ መጋዘን፣ ሰገነት ላይ ያለ ዕቃ ቤት፣ የመኪና ኮፈን ለጫማ መጥፎ ቦታ ነው።

ስለዚህ ከሁለትና ከሦስት ዓመት በፊት የተሠራ ጫማ በግማሽ ዋጋ ሲሸጥ ብታዪ ቅናሹ ለምን እንደመጣ ገምቺ። የገዛሽውንም ካርቶን እስኪሞላ አታቆዪው። ወደ አገር የምትገባ ጓደኛ ካለች በእሷ ላኪው፣ ወይም ጫማውን በመጨረሻ ካርቶኑ ሊዘጋ ሲል ግዢ።

ቤት ውስጥ፣ በሳፋ

የእረፍት ሰዓት ስታገኚ ጫማውን ልትፈትኚው ትችያለሽ። መጀመሪያ ግን ሻጩን ‹‹ውሃ ካስገባ ትመልሱልኛላችሁ? በስንት ቀን?›› ብለሽ ጠይቂ፤ ፋቱራውንም ፎቶ አንሺው፣ ወረቀቱ በሙቀት ይጠፋል። ከዚያ ጫማውን በደረቅ ሶፍት ሙዪው፤ እንዳይንሳፈፍ ውሃ የሞላ ጠርሙስ ጨምሪበት። ሳፋ ውስጥ አስቀምጪና ውሃውን ከቁርጭምጭሚት ዝቅ አድርገሽ ሙዪ። አንድ ሰዓት ይቆይ፤ በየመሐሉ ጣት በሚታጠፍበት ቦታ እጠፊው፣ ቀዳዳ የሚገለጠው ሲታጠፍ ነውና። ሶፍቱ ከረጠበ የት ጋ እንደረጠበ አይተሽ ፎቶ አንሺ።

ቁጥሩን በግምት አትግዢ። ወንድምሽ ማታ፣ እግሩ ከቀኑ ሥራ በኋላ ሲያብጥ፣ ወፍራም ካልሲ አድርጎ ወረቀት ላይ ይቁምና ዙሪያውን በእስክሪብቶ ያስምር፤ ከተረከዝ እስከ ረጅሙ ጣት በሴንቲ ሜትር ለክቶ ይላክልሽ። በአውሮፓ ቁጥር በ42 እና በ43 መካከል ያለው ልዩነት 7 ሚሊ ሜትር አይሞላም፤ ቁልቁለት ላይ ግን ጥፍር የሚያስነቅል ልዩነት ነው። ከጣቱ ፊት የአውራ ጣት ስፋት ያህል ቦታ ይትረፍ።

ስትልኪለትም ይህን ንገሪው። ጫማው ሲረጥብ ምድጃ አጠገብ አያድርቀው፤ እሳት ማስቲሹን ያላቅቀዋል፣ ቆዳውንም ያደርቀዋል። ንጣፉን አውጥቶ፣ ጋዜጣ ጠቅጥቆ፣ ጥላ ውስጥ ያድርቀው። ጭቃውንም በየማታው ይጠበው።

ሁልጊዜ ውዱ ጫማ ያስፈልጋል ማለትም አይደለም። ቀኑን ሙሉ እርሻ ላይ ለሚውል አባት የጎማ ቦት ይበልጥበታል፤ ዋጋውም ያነሰ ነው። የተራራ ጫማ ረጅም መንገድ፣ ዳገትና ቁልቁለት ለሚሄድ ሰው ነው። ቤት ውስጥ በባዶ እግሩ የሚሄድ ሰው ካለ ግን ከሁሉ በፊት ለእሱ አስቢ። በደጋው ቀይ አፈር ላይ ለዓመታት ያለ ጫማ መሄድ ፖዶኮኒዮሲስ የሚባል እግር የሚያሳብጥ በሽታ ያመጣል። ተላላፊ አይደለም፣ እርግማንም አይደለም። ጫማ ማድረግና እግርን በሳሙና መታጠብ ይከላከለዋል።

ጫማ ለመነገድ ላሰብሽ

አገር ገብተሽ ጫማ የመሸጥ ሐሳብ ካለሽ ያጠራቀምሽውን በአንድ ጊዜ አትስጪ። መጀመሪያ አንድ ጥንድ ግዢና ፈትኚ። ከወደድሽው ያንኑ ጥንድ አስቀምጪው፤ የሚመጣው ሁሉ ከእሱ ጋር ይመሳከራል። ከነጋዴው ጋር ቁጥሩን፣ ቀለሙን፣ የተሠራበትን ዓመትና ጎደሎ ቢገኝ ማን እንደሚከፍል በጽሑፍ ተስማሚ፤ የዋትሳፕ መልእክትም ቢሆን ከቃል ይሻላል። ቀብድ ክፈዪ፣ ቀሪውን ዕቃውን ካየሽ በኋላ። ሲያሳይሽም እሱ የሚያቀብልሽን ካርቶን አትክፈቺ። ከሥር፣ ከመሐል፣ ከጥግ ራስሽ መርጠሽ አውጪ። 30 ጥንድ ከሆነ ሁሉንም ለማየት ከግማሽ ቀን በላይ አይፈጅብሽም። የዓመታት ላብሽ ግማሽ ቀን ይገባዋል።

ጫማው አገር ቤት ደርሶ የመጀመሪያው ዝናብ ሲዘንብ ደግሞ ለወንድምሽ ደውይለት። ‹‹ጫማው ያምራል?›› አትበዪው፣ ያምራል ነው የሚልሽ። ‹‹ካልሲህ ደርቋል ወይ?›› ብለሽ ጠይቂው።