ኦምዱርማን ላይ ያየነው ድርቡሽ

ዛሬ ስለ ሱዳን ደርዊሾች ልናወጋችሁ ነው፤ ወሬው የሚጀምረው ግን እዚሁ ካኩማ፣ ከውሃ ቧንቧው ወረፋ ነው።

ቅዳሜ ቅዳሜ ለልጆቻችን በምንሰጠው የአማርኛና የአገር ታሪክ ትምህርት መተማ ላይ ደርሰን ነበር። እንደ ወጉ ሰሌዳው ላይ በትልቁ «ድርቡሽ» ብለን ጻፍን። በ1880 ዓ.ም. ጎንደር ገብቶ አብያተ ክርስቲያናቱን እንዳቃጠለ፣ በመጋቢት 1881 ዓ.ም. ደግሞ አፄ ዮሐንስ 4ኛ መተማ ላይ እንደወደቁና ራሳቸው ተቆርጦ ኦምዱርማን ድረስ እንደተወሰደ አስረዳን። ልጆቹ ጸጥ ብለው ሰሙ። አስተማሪ ደግሞ ልጆች ጸጥ ሲሉለት ደስ ይለዋል፤ እኛም ደስ ብሎን ወጣን።

ሰኞ ጠዋት የጄሪካን ወረፋው ላይ ግርግር ተነሣ። ከተማሪዎቻችን አንዱ ከሱዳን የመጣ እኩያውን «አንተ ድርቡሽ! ወደ ኋላ ሂድ!» ብሎ ጮኸበት። ሌሎቹም ተቀብለው አዜሙት። እንግዲህ ቃሉን ማን አስተማራቸው? እኛ ነን። ከሬዲዮ አልሰሙት፣ ከወላጅ አልሰሙት። ቅዳሜ የጻፍነውን ሰኞ አነበቡልን።

የዚያን ዕለት ማታ እንቅልፍ እምቢ አለን። ለልጆቹ ያልነገርናቸው ነገር ነበራ! እኛ እኮ ድርቡሽን በዓይናችን አይተናል። አንድ ዓርብ ማታ፣ እዚያው ኦምዱርማን ላይ፣ መሐላቸው ቆመን።

ጊዜው 2001 ዓ.ም. ነው። ወደ ጁባ፣ ከጁባም ወደዚህ ከመምጣታችን በፊት ካርቱም ነበርን፤ ሐበሻ በሚበዛበት ደይም በሚባለው ሰፈር ሦስት ሆነን አንድ ክፍል ተከራይተን እንኖር ነበር። ሁለታችን ከመምህራን ማሠልጠኛ ኮሌጅ የወጣን፣ ሦስተኛው የጎንደር ልጅ፣ ሾፌር። ካርቱም የኖራችሁ ታውቁታላችሁ፤ «ከሻ» የሚሉት አፈሳ አለ። ከሻ ያለ እንደሆነ ሰው ከሥራ ወደ ቤት፣ ከቤት ወደ ሥራ ነው እንጂ ዝም ብሎ አይዞርም። ሁለት ዓመት ያህል ተቀምጠን ከደይምና ከሥራ ቦታችን በቀር ከተማውን አላየነውም ነበር።

ታዲያ መንገድ ዳር ሻይ የሚያፈሉ፣ ሁላችንም እትዬ የምንላቸው አንዲት የአገራችን ሴት ነበሩ። አንድ ቀን «እናንተ የተማራችሁ ልጆች፣ እዚህ ተቀምጣችሁ ዓርብን በካርታ ጨዋታ ትጨርሱታላችሁ። እስቲ ሐመድ አል-ኒል ሂዱና ደርዊሾቹን እዩ። እኔ ሁልጊዜ ሻይ ይዤ እሄዳለሁ» አሉን።

ጎንደሬው ብድግ አለ። «ድርቡሽ? እትዬ፣ እኔ ከድርቡሽ ጋር ምን አለኝ!» ልጅ ሆኖ ሲያለቅስ አያቱ «ዝም በል፣ ድርቡሽ መጣ» እያሉ ነው ያሳደጉት። እትዬ ሳቁ። «የኛ ድርቡሽ ሌላ፣ የነሱ ደርዊሽ ሌላ። መጥተህ እይ» አሉት። ያኔ ነገሩ አልገባንም።

ዓርብ ከሰዓት ተሳፍረን ድልድዩን ተሻገርን። ከጣና የሚወጣው ዓባያችን ከነጭ ዓባይ ጋር የሚገናኘው እዚያው አጠገብ ነው። ሌላ ጊዜ ቢሆን ቆመን ባየነው። ያን ዕለት ግን ሾፌሩ ጓደኛችን ኪሱ ውስጥ ያለውን ወረቀት እየደባበሰ ነበር፤ እኛም እንደሱው። ኦምዱርማን ገብተን የደረስንበት ቦታ ሰፊ የመቃብር ሜዳ ነው፤ ዓይን እስኪያቅት ድረስ አፈር የተከመረባቸው መቃብሮች። መሐሉ ላይ ጉልላት ያለው የሼኽ ሐመድ አል-ኒል መቃብር ቆሟል። ሼኹ በ19ኛው መቶ ዓመት የነበሩ የቃዲሪያ ጠሪቃ መሪ ናቸው። ቃዲሪያ ማለት በ1166 እ.ኤ.አ. ባግዳድ ላይ ባረፉት በአብዱልቃድር ጂላኒ ስም የሚጠራው መንገድ ነው፤ ለኛም አገር እንግዳ አይደለም፤ ሐረርም ወሎም ይታወቃል።

አሥር ሰዓት ተኩል ሲሆን ሕዝቡ ተሰብስቦ ነበር። ነጭ ጀላቢያ የለበሱ አባቶች፣ በቶብ የተሸፈኑ ሴቶች፣ ሕፃናት፣ ለውዝ ሻጮች፣ ካሜራ ያንጠለጠሉ ፈረንጆች። እትዬ ከሰል አያይዘው ማንቆርቆሪያቸውን ጥደው ተቀምጠዋል። መጀመሪያ የሰማነው ከበሮ ነው። ከዚያ አረንጓዴ ባንዲራዎች በመቃብሮቹ መሐል ብቅ አሉ፤ ደርዊሾቹ እየዘመሩ በሰልፍ መጡ።

አለባበሳቸውን እንዴት እንንገራችሁ? አረንጓዴና ቀይ፣ ቁርጥራጭ ጨርቅ እዚህም እዚያም የተጣፈበት ረጅም ቀሚስ። አንዳንዱ ነብር መሳይ ቆዳ ደርቧል፤ ትልልቅ የመቁጠሪያ ዶቃ አንገቱ ላይ ጠምጥሟል፤ በእጁ ዱላ ይዟል። ጸጉራቸውን ያልተላጩ፣ ሹሩባው ትከሻቸው ላይ የወረደ አሉ። ጎንደሬው ወደ ጆሯችን ጠጋ ብሎ «ባሕታዊ ናቸው እኮ!» አለ። እውነቱን ነው፤ ልብሱን ቢጫ ብታደርጉት ከቤተ ክርስቲያን ደጅ ቆመው ከሚገሥጹት ባሕታውያን አትለዩዋቸውም።

መቃብሩ ፊት ለፊት ትልቅ ክብ ተሠራ። ዙሪያውን ወንዶቹ ተሰልፈው፣ ከወገባቸው ጎንበስ ቀና እያሉ «ላ ኢላሃ ኢለላህ» ይላሉ፤ ከአላህ በቀር አምላክ የለም ማለት ነው። መጀመሪያ ቀስ ብሎ ነው። ከዚያ ከበሮው ሲፈጥን ቃሉም ይፈጥናል፤ መጨረሻ ላይ የሚሰማው የመቶ ሰው ትንፋሽ ብቻ ይሆናል። ይህንንም ነው ዚክር የሚሉት፤ ማስታወስ፣ ማውሳት ማለት ነው። በክቡ ውስጥ ደግሞ ደርዊሾቹ ይዞራሉ። አንዱ በአንድ እግሩ ይሾራል፣ ሌላው እየዘለለ ይሮጣል፣ ሌላው እጁን ዘርግቶ ዝም ብሎ በቀስታ ይሽከረከራል። ሁሉም በየራሱ ነው፤ የሚመታለት አዛዥ የለም። አንድ ሽማግሌ ሲዞሩ ቆይተው ወደቁ፤ ሁለት ወጣቶች አንሥተው አቧራቸውን አራገፉላቸውና ቀጠሉ።

የቱርኮቹ እንደዚህ አይደለም። በፎቶ ያያችኋቸው ነጭ ቀሚሳቸው እንደ ጃንጥላ የተዘረጋው በኮንያ ከተማ በ1273 እ.ኤ.አ. ያረፈውን የመውላና ጀላሉዲን ሩሚን መንገድ የሚከተሉት ናቸው። የነሱ ሁሉ ነገር ሥርዓት አለው፤ ነጩ ቀሚስ የመግነዝ ምሳሌ፣ ረጅሙ ቆብ የመቃብር ድንጋይ፣ አውልቀው የሚጥሉት ጥቁር ካባ መቃብሩ ራሱ። ቀኝ እጅ ወደ ላይ፣ ግራ እጅ ወደ ታች፤ ከላይ የተቀበሉትን ለምድር ይሰጣሉ። ቱርክ በ1925 እ.ኤ.አ. እነዚህን ማኅበራት በሕግ ዘግታ ነበር፤ ኋላ ለመታሰቢያና ለባህል ተብሎ ተፈቀደ። የኦምዱርማኑ ትኬት የለው፣ ወንበር የለው። አቧራ ላይ ነው፤ የፈለገ ይገባበታል።

ዕጣን የያዘ ሰው ክቡን እየዞረ ወደኛ ሲደርስ ጎንደሬው ዝም አለ። ያው ዕጣን ነው እኮ፤ ያ የእሑድ ጠዋት ሽታ። ካህናቱ ወረቡን ሲያደምቁት፣ ከበሮው ሲፈጥንና መቋሚያው ከፍ ዝቅ ሲል ያለው ስሜት መጣብን። ሃይማኖቱ ሌላ መሆኑን አልረሳነውም። ቢሆንም ሰውነት የሚያውቀውን ያውቃል።

በዚህ መሐል ቀና ስንል አጠገባችን የፖሊስ ልብስ የለበሰ ሰው ቆሟል። ደማችን ቀጥ አለ። አንዳችን መሄጃ ሲያይ፣ ሌላው ክንዱን ያዘው። ፖሊሱን ደግመን ስናየው ዓይኑን ጨፍኗል፤ ከሰዉ ጋር እየተወዛወዘ «ላ ኢላሃ ኢለላህ» ይላል። ቆባው ብብቱ ሥር ነው። እኛን ጭራሽ አላየንም።

ወደ ኋላ ስናፈገፍግ የተጣፈ ቀሚስ የለበሱ አንድ አዛውንት ያዙን። «ሐበሺ?» አሉ። «አይዋ» አልን፤ ከዚያ በኋላ የሚመጣውን እየጠበቅን። የመጣው ግን እጃችንን ይዘው ሰዉን እየገፉ ፊተኛው ረድፍ ላይ ማቆማቸው ነው፤ ለካ ከኋላ ሆነን ማየት አልቻልንም ብለው ነው። ፀሐይ ስትጠልቅ ከበሮው ድንገት ቆመ። ሁሉም ለመግሪብ ሶላት ተሰለፈ። እኛ ሦስታችን ብቻ ቆመን ቀረን፤ ለምን ብሎ የጠየቀን አልነበረም።

ከሶላት በኋላ አዛውንቱ እትዬ ዘንድ መጥተው በርጩማ ላይ ተቀመጡ። ሻይ አዘዙልን፤ ልንከፍል ብንል በፍጹም አሉ። እትዬ እያስተረጎሙ ስለ ልብሳቸው ጠየቅናቸው። ደርዊሽ ማለት ድሃ ማለት ነው፣ ድሃ ደግሞ ያገኘውን ጨርቅ ይጥፋል አሉን። ጎንደሬው አላስቻለውም። «እትዬ፣ ጎንደርን ለምን አቃጠላችሁ በይልኝ እስቲ!» አለ። እትዬ ተቆጡት፤ ግን ነገሩት። አዛውንቱ አልተቀየሙም። ትንሽ አሰቡና «እነዚያ የማህዲው ሰዎች ናቸው። የኛንም ስብሰባ ከልክለው ነበር» አሉ።

በኋላ ባነበብነው ታሪክ ነገሩ እውነት ሆኖ አገኘነው። ማህዲ የተባለው ሙሐመድ አሕመድ ራሱ በሱፊ መንገድ ያደገ ሰው ነው። በ1881 እ.ኤ.አ. ከተነሣ በኋላ ግን ጠሪቃዎችን ሁሉ ሰረዘ፤ ተከታዮቹም ደርዊሽ መባላቸው ቀርቶ «አንሳር» እንዲባሉ አዘዘ። እሱ በ1885 እ.ኤ.አ. ሲሞት ከሊፋ አብዱላሂ ተተካ፤ ጎንደርና መተማ የሆነው በከሊፋው ዘመን ነው። የተጣፈውን ቀሚስ ግን ወታደሮቹ እንደ ደንብ ልብስ ለብሰውት ስለነበር ግብፁም እንግሊዙም እኛም ደርዊሽ፣ ድርቡሽ ማለታችንን ቀጠልን።

ይህ ማለት ጎንደር አልተቃጠለችም ማለት አይደለም። ተቃጥላለች፤ የጎንደሬው አያትም ከባዶ ሜዳ አላስፈራሩትም። ነገር ግን እኛ ሰሌዳው ላይ ያልጻፍነው ሌላም አለ። ከዚያ አንድ ዓመት ቀደም ብሎ፣ በ1879 ዓ.ም.፣ የጎጃሙ ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት ጦር መተማን መትቶ አቃጥሎ ነበር። ይህንን ዘለልነው። ለምን እንደዘለልነው ብትጠይቁን፣ ሰዓት አልበቃ ብሎን ነው ልንል እንችላለን፤ ግን ሰዓት በቅቶን ነበር።

ወደ ሰኞው ነገር እንመለስ። ሱዳን ውስጥ ሚያዝያ 7 ቀን 2015 ዓ.ም. በተነሣው ጦርነት ከ10 ሚሊዮን በላይ ሰው ከቤቱ ወጥቷል፤ ኦምዱርማንም የጦር ሜዳ ሆና ነበር። ወረፋ ላይ የተሰደበው ልጅ ቤተሰብ የወጣው ከዚያው ነው። ማክሰኞ ይቅርታ ለመጠየቅ ቤታቸው ሄድን። እናቲቱ ሻይ አቀረቡልን። «ደርዊሽ» የሚለው ቃል ስድብ ነው ብለን ስናስረዳ ግራ ገባቸው፤ የልጁ አያት ደርዊሽ ናቸዋ! ልጁም ሲጠሩት ያሞገሱት መስሎት ነበር። ያስለቀሰው ሌላ ነገር ነው፦ ከወረፋው አስወጥተውት ጄሪካኑን ሳይሞላ መመለሱ።

ተሳዳቢው ተማሪያችን በማግስቱ ጠዋት ጄሪካኑን ሞልቶ ወሰደለት። አባቱ አስገድደውት ይሁን ራሱ አስቦ፣ አልጠየቅነውም።

በመጪው ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ዘጠኝ ሰዓት ላይ የመተማን ትምህርት እንደገና እንሰጣለን። የልጁ አያት መጥተው ስለ ዓርቡ ዚክር ሊነግሩን ቃል ገብተዋል፤ ዓረብኛ የምትችሉ ወላጆች ለማስተርጎም ብትመጡልን እናመሰግናለን። አግዳሚ ወንበሮቹ ለልጆቹም አይበቁምና መቀመጫ ይዛችሁ ኑ።