ስም የሌለው ቀን

እ.ኤ.አ. በ1944 ዓ.ም. በግንቦት ወር፣ በኦክስፎርድ ዩኒቨርሲቲ የጥንታዊ እንግሊዝኛ መምህር የነበሩት ፕሮፌሰር ጄ. አር. አር. ቶልኪን በአየር ኃይል ውስጥ ለሚያገለግለው ልጃቸው ደብዳቤ ጻፉ። በደብዳቤያቸው ከገለጿቸው ጉዳዮች አንዱ በጽሑፍ ላይ በነበረው ረጅም ልብ ወለዳቸው ውስጥ ያጋጠማቸው ችግር ነበር፤ ጨረቃቸው የማይሆን ነገር ስትሠራ አገኟት። በአንደኛው አገር በምትወጣበት ሰዓት በሌላው አገር ትጠልቃለች። ይህንን ስሕተት ለማረም ወደ ኋላ ተመልሰው የቀደሙ ምዕራፎችን ሲያስተካክሉ ከሰዓት በኋላው በሙሉ አለቀባቸው።

በምናብ ዓለም ያለች ጨረቃ እንዳሻት ብትወጣ ማን ይጠይቃታል? ብለን ልንገረም እንችላለን። ሆኖም «የቀለበቶቹ ጌታ» የተባለው የቶልኪን ድርሰት የተመሠረተበት ዓለም ይህችው ምድራችን፣ በሩቅ የፈጠራ ዘመን የነበረችው ናት። ስለዚህ ዓመቱ ዓመታችን፣ ጨረቃዋም ጨረቃችን ናት። የዘመን አቆጣጠር ፈጣሪ የወራትን ስም፣ የበዓላትን ብዛት፣ የዓመቱን መባቻ እንደ ፈቃዱ መደንገግ ይችላል፤ መሬት ፀሐይን ዞራ እስክትጨርስ ስንት ቀን እንደሚፈጅባት መደንገግ ግን አይችልም። ይህ ቁጥር 365.2422 ያህል ነው። ከአንዷ ሙሉ ጨረቃ እስከ ተከታይዋ ያለው ጊዜ ደግሞ በአማካይ 29.53 ቀን ነው። አንዱ ለሌላው በትክክል አይካፈልም። ዐሥራ ሁለት ጨረቃ 354 ቀን ከሩብ በላይ ስለሚሆን ከፀሐይ ዓመት 11 ቀን ያህል ይጎድላል። የባሕረ ሐሳብ ተማሪ ይህችን ዐሥራ አንድ ገና ከጅምሩ ያውቃታል፤ ጥንተ አበቅቴ የምትባለው ናት።

ቶልኪን ሆቢት ለተባሉት አጫጭር ሕዝቦች የሠሩት ዘመን አቆጣጠር በልብ ወለዱ ሦስተኛ ቅጽ መጨረሻ፣ በአባሪ መልክ እ.ኤ.አ. በ1955 ዓ.ም. ታተመ። ከወራቱ ስሞች አብዛኞቹ በ8ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የኖረው መነኩሴ ቤዳ የመዘገበውን የጥንታውያን እንግሊዞች ቆጠራ የተከተሉ ናቸው። አወቃቀሩ ግን ለኢትዮጵያዊ አንባቢ ከማንም ይልቅ ቅርብ ነው። ዐሥራ ሁለቱ ወራት እያንዳንዳቸው ሠላሳ ሠላሳ ቀን አላቸው፤ የተረፉት አምስት ቀናት ከወራት ውጭ ናቸው። የእኛ ቆጠራ አምስቱን ሰብስቦ ጳጉሜን ሲላቸው፣ ሆቢቶቹ ግን ሁለቱን በዓመቱ መጀመሪያና መጨረሻ፣ ሦስቱን በዓመቱ እኩሌታ ላይ አድርገው በዓል ያከብሩባቸዋል። በአራት ዓመት አንድ ጊዜ ስድስተኛ ቀን ይጨመራል፤ የመቶ ዓመት መዝጊያ ላይ ግን ይቀራል። በዚህም የዓመታቸው አማካይ ርዝመት 365.24 ቀን ስለሚሆን፣ በ128 ዓመት አንድ ቀን ከሚዛነፈው ከእኛው ቆጠራ ይልቅ ወደ ፀሐይ ዓመት የቀረበ ነው። አንዲት ቀን የሚዛነፈው በ450 ዓመት ገደማ ነው፤ ያውም በተቃራኒው አቅጣጫ።

እስከዚህ ድረስ ያለው ሥነ ፈለክ ነው። አስቸጋሪው ጉዳይ የሚጀምረው ከሳምንት ላይ ነው። ሳምንት ከፀሐይም ሆነ ከጨረቃ ዑደት ጋር በትክክል አይገጥምም፤ ሰባት ቀን ተቆጥሮ እንደገና ከአንድ የሚጀመር፣ በራሱ የሚሄድ ቆጠራ ነው። 365 ለሰባት ሲካፈል አንድ ይተርፋል። በዚህች ትርፍ ምክንያት በ2016 ዓ.ም. ማክሰኞ የዋለው መስከረም 1፣ በ2017 ረቡዕ፣ በ2018 ሐሙስ ዋለ። ከ2015 ወደ 2016 ስንሻገር ግን ጳጉሜን ስድስት ቀን ስለነበረች ሰኞን ዘልሎ ከእሑድ ወደ ማክሰኞ ሄደ። አባቶች ይህንን የሚያሰሉት በአጭር ስሌት ነው፦ ለ2018 ዓ.ም. 5500 ሲደመር ዓመተ ዓለሙ 7518 ይሆናል፤ ሩቡ 1879 ይታከልበታል፤ ድምሩ 9397 ለሰባት ሲካፈል 3 ይተርፋል። ከማክሰኞ አንድ ብለን ስንቆጥር ሦስተኛው ሐሙስ ነው። እኛ ይህንን ስሌት እንወደዋለን፤ እውነቱን ለመናገር ግን በየዓመቱ የቀን መቁጠሪያ ማሳተም ያስፈለገበትም ምክንያት ይኸው ነው።

ሆቢቶቹ ይህንን ጣጣ ያስወገዱበት ዘዴ እጅግ ቀላል ነው። የዓመቱ የመጀመሪያ ቀን፣ ስድስት ወራትና ከእኩሌታው በዓላት የመጀመሪያው ሲደመሩ 182 ቀን፣ ማለትም ልክ 26 ሳምንት ይሆናሉ። ከእኩሌታው ቀን በኋላ ያለውም እንዲሁ 182 ነው። እንግዲህ መካከል ላይ የቆመችውን አንዲት ቀን፣ በአራት ዓመት የምትመጣውንም ተጨማሪ፣ ሰኞም ማክሰኞም ሳይሏት ያለ ስም ተዋት። ሳምንቱ ለአንድ ቀን ቆሞ በማግሥቱ ይቀጥላል። ከዚያ ወዲህ እያንዳንዱ ዕለት በየዓመቱ በአንድ ስም ላይ ስለሚውል፣ ሆቢቶቹ በደብዳቤያቸው ላይ የቀኑን ስም መጻፍ እንኳ ተዉ። ተቃውሞ አልተነሣም፤ የሳምንታቸው ታላቅ ቀን የምሽት ግብዣ የሚደረግበት እንጂ የአምልኮ ግዴታ ያለበት አይደለምና። ደራሲው ራሳቸው አጥባቂ ካቶሊክ መሆናቸውን ስናስብ ይህ ትንሽ ያስገርማል።

በእውነተኛው ዓለም ግን ይኸው ሐሳብ ሌላ ዕጣ ገጠመው። ጣሊያናዊው ካህን ማርኮ ማስትሮፊኒ እ.ኤ.አ. በ1834 ስም የሌለው ቀን እንዲኖር ሐሳብ አቅርበው ነበር። እ.ኤ.አ. በ1930 ዓ.ም. ደግሞ አሜሪካዊቷ ኤሊዛቤት አኬሊስ ይህንኑ የሚያራምድ ማኅበር በኒውዮርክ አቋቋሙ። በእርሳቸው ዕቅድ ዓመቱ እኩል በሆኑ አራት ሩቦች፣ እያንዳንዱ ሩብ በ91 ቀን ይከፈላል፤ ይህ 364 ነው። የቀረችው 365ኛዋ ቀን ከሳምንት ውጭ ሆና የዓለም በዓል ትሆናለች። ነጋዴውና የሒሳብ ሠራተኛው ወደዱት። ይሁን እንጂ የብሪታንያ ዋና ረቢ ጆሴፍ ኸርትስ የእንዲህ ዓይነቱን ማሻሻያ ሐሳብ እ.ኤ.አ. በ1931 ጄኔቫ ላይ፣ በመንግሥታት ማኅበር ፊት አጥብቀው ተቃወሙ። በኋላ ሕንድ ጉዳዩን ለተባበሩት መንግሥታት ድርጅት ብታቀርበውም፣ የሆቢቶቹ ዘመን አቆጣጠር በታተመበት በዚያው በ1955 የአሜሪካ መንግሥት እንደማይደግፈው አስታወቀ፤ በተከታዩ ዓመት የድርጅቱ የምጣኔ ሀብትና ማኅበራዊ ምክር ቤት ጉዳዩን ላልተወሰነ ጊዜ አቆየው።

ተቃዋሚዎቹ የሚሉትን ለመረዳት ዘዴውን በራሳችን ቆጠራ ላይ ብንሞክረው ይሻላል። ዐሥራ ሁለቱ ወራት 360 ቀን ናቸው፤ እስከ ጳጉሜን 4 ድረስ 364፣ ማለትም 52 ሳምንት ይሞላል። ስለዚህ ጳጉሜን 5ን፣ በዘመነ ሉቃስም ጳጉሜን 6ን፣ ከሳምንት ብናወጣቸው መስከረም 1 ለዘለዓለም በአንድ ዕለት ይውላል። ጳጉሜን 4 ረቡዕ ዋለ እንበል። ማግሥቱ ስም የለውም፤ መስከረም 1 ሐሙስ ይባላል። ነገር ግን ሰባቱን ቀን ሳያቋርጥ የሚቆጥር ሰው ዘንድ ያ ዕለት ዓርብ ነው። ሙስሊሙ ጁምዓውን በወረቀቱ ሐሙስ ሊሰግድ፣ ክርስቲያኑ የዓርብን ጾም በሐሙስ ሊጾም፣ ቅዳሴውንም በቅዳሜ ሊያስቀድስ ነው። በመጀመሪያው ዓመት ይህ ይቻል ይሆናል። በሁለተኛው ዓመት ግን እውነተኛው እሑድ በወረቀቱ ዓርብ ላይ ይወድቃል፤ በሦስተኛው ሐሙስ፤ ዘመነ ሉቃስ ሲያልፍም ሁለት ቀን ይሸሻል። ሠራተኛው በየዓመቱ አለቃውን ሌላ የዕረፍት ቀን መለመን ይኖርበታል፤ ተማሪው የፈተና ቀኑ በሰንበቱ ላይ ሲውል ከሁለት አንዱን መምረጥ ግድ ይሆንበታል። በዚህ አኳኋን እሑድ በሁሉም የሥራ ቀናት ላይ ከዞረ በኋላ፣ ሽሽቱ ተደምሮ 35 ቀን፣ ማለትም አምስት ሙሉ ሳምንት የሚሆነውና ሁለቱ ቆጠራዎች በመጀመሪያው ዐይነት ቅደም ተከተል እንደገና የሚገናኙት በ28ኛው ዓመት ነው። የባሕረ ሐሳብ ሊቃውንት ይህንኑ የ28 ዓመት ዙር ዐውደ ፀሐይ ይሉታል።